ምልክቱ ዜማውን አልያዘም

«ዲጂታል ሆኗልና ከእንግዲህ አይጠፋም።» ይህቺን ዓረፍተ ነገር የማይናገር የቅርስ ፕሮጀክት አላየሁም። የብራና መጽሐፍ ፎቶ ተነሥቶ ሰርቨር ላይ በተጫነ ቁጥር አንድ የሆቴል አዳራሽ ይከራያል፣ ንግግር ይደረጋል፣ ይጨበጨባል፣ ዓረፍተ ነገሯም ትነገራለች። እኔ እንጀራዬን የማገኘው ሶፍትዌር በመጻፍ ነው፤ ዲጂታል መሆንን የምጠላበት ምክንያት የለኝም። ስለ ድጓ፣ ስለ ጾመ ድጓ፣ ባጠቃላይ ምልክት ስላላቸው የዜማ መጻሕፍት ስትነገር ግን ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም። ትክክል አይደለችማ። ተናጋሪዎቹ ውሸታም ናቸው ማለቴ አይደለም። ምን እንዳስቀመጡና ምን እንዳላስቀመጡ አያውቁትም። የማያውቁትም ምልክት ምን እንደሆነ ቁጭ ብለው አንድ የኔታን ስላልጠየቁ ነው።

እስቲ ከእሱ እንጀምር።

የድጓ ገጽ ገልጣችሁ አይታችሁ ከሆነ፣ የግዕዙ ንባብ በትልልቁ ተጽፎ ከቃላቱ በላይ፣ በመስመርና በመስመር መካከል፣ ደቃቅ ፊደላት ተደርድረው ታገኛላችሁ። አንድ ፊደል፣ ሁለት ፊደል፣ አንዳንዴም ሦስት። ከነሱ ሌላ ነጥብ፣ ሰረዝና ቅስት የመሰሉ ምልክቶችም አሉ። ለማያውቅ ሰው የፈረንጅ ኖታ ይመስሉታል፤ ይኼኛው አንድ ድምፅ፣ ያኛው ሌላ ድምፅ። እንደዚያ አይደለም። ደቃቆቹ ፊደላት ድምፁ ምን ያህል ከፍ እንደሚል አይናገሩም፤ ምን ያህል እንደሚረዝምም አይናገሩም። የሚሉት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ «ያንን አስታውስ»። ፊደሎቹ ከሌላ የታወቀ ንባብ የተቀነጨቡ ናቸው፤ ያ ንባብ ሥረይ ይባላል። ባለ ዜማው ፊደሏን ሲያይ ሥረዩ ትዝ ይለዋል፣ ከሥረዩ ጋር ዜማው ይመጣል፣ የመጣውን ዜማ ፊቱ ባለው ቃል ላይ ያስኬደዋል። የቃሉ ርዝመት ከሥረዩ ሲበልጥ ወይም ሲያንስ የት እንደሚዘረጋና የት እንደሚሰበስብ የሚያውቀው እሱ ነው፤ ገጹ ላይ አልተጻፈም። እንዲህ ያሉ ምልክቶች ብዙ መቶ ናቸው። ግዕዝ፣ ዕዝልና አራራይ ደግሞ የየራሳቸው ስላላቸው፣ በየትኛው ስልት ውስጥ እንዳለ ሳያውቅ ፊደሏን ያነበበ ሰው ምንም አላነበበም።

ፊደል ያልሆኑት በትውፊት ስምንት ናቸው፦ ይዘት፣ ደረት፣ ርክርክ፣ ድፋት፣ ጭረት፣ ቅናት፣ ሂደት፣ ቁርጥ። ድርስና አንብር ኋላ የተጨመሩ ናቸው ይባላል። ስማቸውን ልብ በሉ። ደረት ማለት ድምፁን ወደ ደረትህ አውርደው ነው። ቁርጥ፣ ቁረጠው። ርክርክ፣ እያንቀጠቀጥክ አውርደው። ትእዛዞቹ ሁሉ ለሰውነት የተሰጡ ናቸው። ሊቃውንቱ ስምንቱን ምልክቶች ከክርስቶስ ሕማማት ጋር ያያይዟቸዋል፤ ጭረት ለምሳሌ የግርፋቱ ሰንበር ነው። ለሚያምን ሰው ምስጢር ነው። ለተማሪው በዚያ ላይ የማይነቀል መንጠቆ ነው፤ አንዴ እንደዚያ ተብሎ የተነገረውን ልጅ «ጭረት ምን ነበር?» ብላችሁ አትጠይቁትም።

እኔ ይኼን ነገር በሙያዬ ቋንቋ ስተረጉመው እንዲህ ይመጣልኛል። ትልቅ ፋይልን አሳንሶ ለመላክ ከምንጠቀምባቸው ዘዴዎች አንዱ ላኪውም ተቀባዩም አስቀድመው አንድ መዝገበ ቃላት እንዲይዙ ማድረግ ነው። ከዚያ በኋላ ሙሉውን ነገር መላክ አያስፈልግም፤ «ቁጥር 214ን አምጣ» ማለት ይበቃል። ፋይሉ በጣም ያንሳል። አደጋው ደግሞ ግልጽ ነው። መዝገበ ቃላቱ ከጠፋ ፋይሉ አንድም ፊደል ሳይጎድልበት፣ ሳይበላሽ፣ ባዶ ጫጫታ ይሆናል። መቶ ቦታ ብትገለብጡት መቶ ቦታ የተቀመጠ ጫጫታ ነው። ድጓ እንደዚያ ያለ ፋይል ነው። መዝገበ ቃላቱ የኔታ ጭንቅላት ውስጥ ነው ያለው፣ ጉሮሯቸው ውስጥ፣ በመቋሚያው አነሳስ ውስጥ። እኛ እያነሣን ያለነው ግን ፋይሉን ብቻ ነው።

ይኼን ያህል በሰው ትዝታ ላይ የተደገፈ ጽሕፈት ለምን ተሠራ ብሎ የሚጠይቅ አለ። አንዳንዱማ በንቀት ነው የሚጠይቀው፤ «ፈረንጅ አምስት መስመር አስምሮ ጨርሷል፣ እኛ እስከዛሬ...»። መልሱ ታሪኩ ውስጥ አለ። ዜማውን ትውፊቱ ለቅዱስ ያሬድ፣ ለ6ኛው ክፍለ ዘመን ይሰጣል። ምልክቱን በዛሬው መልኩ ያደራጁት ግን አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ናቸው፤ በአፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ከ1540 እስከ 1559 ባለው ጊዜ። ከዚያ በፊት ምን ነበር? ከ1529 እስከ 1543 የቆየው የኢማም አሕመድ ጦርነት። አብያተ ክርስቲያናት ተቃጥለዋል፣ መጻሕፍት አመድ ሆነዋል፣ ካህናት አልቀዋል፣ የቀሩትም ተበትነዋል። ምልክት የተደራጀው እንዲህ ካለ እልቂት ማግሥት ነው። በእኛ ቋንቋ፣ ሰርቨሩ ከተቃጠለ በኋላ የተሠራ የመጠባበቂያ ሥርዓት ነው።

እነዚያ ሰዎች እንግዲህ እልቂትን በዓይናቸው ያዩ ናቸው። መጽሐፍ እንደሚቃጠል ከኛ የበለጠ ያውቃሉ። ሰው እንደሚሞትም ያውቃሉ። ታዲያ ዜማውን በሙሉ ወደ ብራና ገልብጠው ሰውን ከነገሩ ሊያስወጡት ይችሉ ነበር፤ አላደረጉትም። ከሞት የተረፉት መምህራን የያዙትን ቶሎ ወደ ብዙ ተማሪ የሚያደርሱበት፣ ተማሪውም የቀጸለውን እንዳይስት ዓይኑን የሚያሳርፍበት ነገር ነው የሠሩት። ሰው እስካለ ድረስ የሚሠራ፣ ሰው ከሌለ የማይሠራ። ይኼን ድክመት የሚለው አለ። እኔ ውሳኔ ነው የምለው።

ተወልጄ ያደግኩት ካቺሲ ነው፤ ምዕራብ ሸዋ፣ ግንደበረት። ከተማዋ ትንሽ ናት። ወደ ሰሜን ወረድ ካላችሁ አገሩ ወደ አባይ ይደረመሳል፣ ማዶው ጎጃም ነው። የምንማረው በኦሮምኛ፣ እናቴ ቤት አማርኛ፣ ደብሩ ውስጥ ግዕዝ። አንድ ዓመት ለበዓል ስሄድ ከአንድ የውጭ አገር ቤተ መጻሕፍት ድረ ገጽ ያወረድኩትን የድጓ ቅጂ በላፕቶፕ ይዤ ደብሩ አጠገብ ወዳሉት የኔታ ሄድኩ። ጋይንት ቤተልሔም ወርደው ድጓ ያስመሰከሩ ናቸው፤ ያለ ድንኳንና ያለ ሰርግ ሙሉ ዕድሜያቸውን ለዜማ የሰጡ ሰው።

«የኔታ፣ ይቺን ቢያዩልኝ» አልኳቸው።

መነጽራቸውን አስተካክለው ስክሪኑ ላይ አጎነበሱና ወዲያው በለሆሳስ ጀመሩት። አልተዘጋጁም፣ አልተንተባተቡም። ሁለት መስመር ሄደው ግን ቆሙ። ተመለሱ። እንደገና ቆሙ።

«ይቺ ቦታዋ አይደለም» አሉኝ በጣታቸው ደቃቋን ፊደል እየነኩ። «ጸሐፊው ደክሞት ነበር መሰል። ከዚህኛው ቃል ላይ ነው የምትቀመጠው።» ቀጠሉ። ስሕተቱን በቃላቸው አርመው አለፉት።

አጠገባቸው አንድ የዜማ ተማሪ ነበር፤ ከአባይ ማዶ የመጣ፣ አሥራ አምስት ቢሆነው ነው። ያንኑ ገጽ አሳየሁት። ግዕዙን ያለችግር አነበበልኝ። ደቃቅ ፊደሎቹንም አንድ በአንድ ጠራልኝ። «በዜማ በለው እስቲ» ስለው ግን ሣቀና አንገቱን ደፋ። «ገና አልቀጸልኩትም።»

ፋይሉ አንድ ነው። ስክሪኑ አንድ ነው። ልጁ ያላነበባት ፊደል የለችም። አንዱ የተጻፈውን ብቻ ሳይሆን ያልተጻፈውን አውጥቶ የተጻፈውን ጭምር አረመ፤ ሌላው ዝም አለ። ስለ ቅርስ ጥበቃ ያነበብኩት ሪፖርት ሁሉ ይኼን ያህል አላስረዳኝም። ብራናው ትዝታውን አይጠብቀውም፤ ትዝታው ነው ብራናውን የሚጠብቀው።

«አጋነንከው፣ ምልክቱ ካለ ሊቅ ተነሥቶ ይፈታዋል» የሚል ሰው ካለ እስፔን ይሂድ። እዚያ ከሮማው ሥርዓት በፊት የራሱ የሆነ የቅዳሴና የሰዓታት ዜማ ነበር። ሊዮን ካቴድራል ውስጥ የተቀመጠ በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተጻፈ መጽሐፍ አለ፤ ከዳር እስከ ዳር ከቃላቱ በላይ ምልክት የተደረገበት፣ ሲያዩት የሚያምር። እንደኛው ምልክት ሁሉ የዚያ ምልክትም ዜማውን ለሚያውቅ ሰው ማስታወሻ እንጂ የድምፅ ከፍታ መለኪያ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1080 በቡርጎስ ጉባኤ ሥርዓቱ እንዲቀርና በሮማው እንዲተካ ተወሰነ። ዘማሪዎቹ ሞቱ፣ የሚተካቸው ተማሪ አልተቀበለም። ዛሬ በሺዎች የሚቆጠሩ የዚያ ሥርዓት ዝማሬዎች ከነምልክታቸው በእጃችን አሉ። ዜማቸው በርግጠኝነት የሚታወቀው ወደ ሃያ ገደማ ብቻ ነው፤ እነሱም የተረፉት ኋላ በሌላ አጻጻፍ የመገልበጥ ዕድል ስላገኙ ነው። አውሮፓ ገንዘብ አላጣም፣ ምሁር አላጣም፣ ካሜራም አላጣም። መጽሐፉ አልተቃጠለም። ሰው ነው የጠፋው።

የሴቪሉ ኢሲዶር፣ በ7ኛው ክፍለ ዘመን፣ ድምፅ በሰው ትዝታ ካልተያዘ እንደሚጠፋ፣ ሊጻፍም እንደማይችል ጽፎ ነበር። የሚገርመው የዚያው አገር ሰው መሆኑ ነው።

እዚህ ላይ ጠንካራው ተቃውሞ ይመጣል፤ ልሸሸው አልፈልግም። ግዊዶ የሚባል የአሬዞ መነኩሴ በ11ኛው ክፍለ ዘመን ምልክቶቹን በመስመር ላይ አስቀመጣቸውና ነገሩ ተቀየረ። በፊት ዘማሪ ለመሆን አሥር ዓመት ይፈጅ የነበረውን በአንድ፣ ቢበዛ በሁለት ዓመት እንደሚያደርሰው ራሱ ጽፏል። ታዲያ እኛስ? ልጁን አሥራ አምስት ዓመት ደበሎ አልብሶ ከማንከራተት ድጓውን በኖታ ጽፎ መገላገል አይሻልም ወይ?

አንድ ነገር ልመን። በኖታ መጻፉ ራሱ መጥፎ ነገር አይደለም። ኬይ ሼለሜይና ፒተር ጄፍሪ በ1990ዎቹ በሦስት ቅጽ ያሳተሙት የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ዜማ ስብስብ ከባድ ሥራ ነው፤ ለጥናት ይጠቅማል። ግን ኖታ የሚጽፈው የሚይዘውን ነው። ርክርክን ስንት ነጥብ ላይ ከፋፍለህ ታስቀምጠዋለህ? ደረት ሲል የኔታ ድምፅ የሚለውጠውን ቀለም የትኛው መስመር ላይ ታኖረዋለህ? አውሮፓም በግዊዶ መስመር ያተረፈውን ያህል የከሰረው አለ፤ በመስመር ላይ የማይቀመጠው ማስጌጫና ስስ ድምፅ ቀስ በቀስ ተጠራርጎ ወጥቷል። በዚያ ላይ ግዊዶ መስመሩን የሠራው ከተማሪዎች ጋር ሆኖ፣ ተማሪ እያስተማረ ነበር። ዜማ ቤቱን ዘግቶ መጽሐፉን አላስቀመጠም። የኛ ሰዎች የሚፈልጉት የግዊዶን ማሳጠሪያ ያለ ግዊዶ ተማሪ ነው።

ሁለተኛው ተቃውሞ ቀላል ይመስላል፤ በሥራ ቦታዬም የምሰማው እሱን ነው። «ዜማው ራሱ እኮ ተቀድቷል፤ ዩቲዩብ ላይ ሞልቷል፤ በቴሌግራም ይላካል።» እውነት ነው ሞልቷል። እኔም ሌሊት ሥራ ላይ ስቀመጥ እሰማለሁ። ቅጂ ግን አንድ ሰው፣ አንድ ቀን፣ አንድ ንባብ ሲል የተያዘ ነው። ፕሮግራም የጻፈ ሰው ልዩነቱን ያውቃል። አንድ ፕሮግራም እስከዛሬ ያወጣውን ውጤት ሁሉ መዝግባችሁ ብታስቀምጡ ፕሮግራሙ የላችሁም። ያለፈውን መድገም ትችላላችሁ፤ ነገ ለሚመጣ አዲስ ጥያቄ መልስ የላችሁም።

ዜማ ቤት ውስጥ ደግሞ አዲስ ጥያቄ በየሳምንቱ ነው። ዓመቱ በባሕረ ሐሳብ ይንቀሳቀሳል፤ በዓሉ እሑድ ሲውል ሌላ፣ በጾም ውስጥ ሲገባ ሌላ፣ መሪጌታው እዚያው ቆሞ መርጦ ይመራል። ከሁሉ በላይ ቅኔ አለ። ቅኔ ትናንት ያልነበረ ግጥም ነው፤ ዛሬ ይቆጠራል፣ ዛሬ ይዘረፋል፣ እዚያው በዜማ ይባላል። ያልተደረሰ ነገር ማን ቀድቶ ያስቀምጠዋል? ባለቅኔው ቃሉን ሲያቀብል ተቀባዩ ወዲያው ዜማ አልብሶ ያወጣዋል። ይኼን ቅጽበት ያየ ሰው «ሽምደዳ» የሚለውን ቃል ሁለተኛ ለየቆሎ ተማሪ አይጠቀምም። (ሽምደዳ ማየት የፈለገ የምሕንድስና ፋኩልቲ ይምጣ። ሁለተኛ ዓመት የሸመደድኩትን የማትሪክስ ፎርሙላ ከፈተናው ማግሥት የት እንደጣልኩት እስካሁን አላገኘሁትም። የኔታ በልጅነታቸው የቀጸሉትን ዛሬም አንድ ፊደል አያዛንፉም።)

«እሺ፣ ቅጂውን ሰብስበን ኤ.አይ. እናሠልጥንበት» የሚል ደግሞ በቅርቡ መጥቷል። ይቻላል፤ ድጓ የሚመስል ድምፅ ያወጣል። ሲሳሳት ማን ያርመዋል? «ይቺ ቦታዋ አይደለም» የሚል ጆሮ ከሌለ የማሽኑ ስሕተትና የያሬድ ዜማ በምን ይለያሉ?

ነገሩ የቤተ ክህነት ብቻ እንዳይመስላችሁ። የአባቴ ወገኖች የመጫ ኦሮሞ ናቸው። አካኮ ገና ትንሽ ልጅ ሳለሁ የአባቶቼን ስም እየደረደሩ ያስቆጥሩኝ ነበር፤ አንዱን ስዘል ከመጀመሪያው ያስጀምሩኛል። ያም ከዜማ ቤቱ ጋር አንድ ዓይነት ትምህርት ነው፤ ምት አለው፣ እርማት አለው፣ ፊት ለፊት የተቀመጠ ሰው አለው። የመጫ ሽማግሌዎች ሕጋቸውን ከመኮ ቢሊ ይቆጥራሉ፤ የጉባኤው ቦታ ኦዳ ቢሲል ነው። ሕጉ በብራና አልተጻፈም። በየስምንት ዓመቱ ሥልጣን ሲተላለፍ በሕዝብ ፊት ይታወጅ ነበር፤ ትዝታውን ያቆየው ያ በየጊዜው መሰብሰብ ነው። ከ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ በእኛ አካባቢ ጉባኤው ሲቋረጥ ሕጉም እየተሸረፈ ሄደ፤ ዛሬ በእኛ ወገን የምንሰማው ቁርጥራጭ ነው። ቦረና ግን ጉባኤው ስላልተቋረጠ እስከዛሬ አባ ገዳው በየስምንት ዓመቱ ይረካከባል፣ ሕጉም በሕያው ሰው አፍ አለ። ሕዝቡ አንድ፣ ሥርዓቱ አንድ፤ ልዩነቱ ጉባኤው መቀጠሉና አለመቀጠሉ ነው። ገዳ እ.ኤ.አ. በ2016 በዩኔስኮ ሲመዘገብ ካቺሲም ደስ ብሎናል። መዝገቡ ግን ለመጫ የጎደለውን አልመለሰለትም።

አሁን ወደ ገንዘቡ ልምጣ፤ የተቆጣሁት በእሱ ነውና።

ስሙን የማልጠራው አንድ ድርጅት የምሠራበት ቢሮ መጥቶ አፕ ይሠራልን አለ። ሐሳቡ ጥሩ ይመስላል፤ የድጓው ገጽ ስልክ ላይ ይታያል፣ ምልክቷን በጣት ሲነኳት ድምፅ ይሰማል። የበጀቱን ሠንጠረዥ አየሁት። ካሜራ፣ ስካነር፣ ሰርቨር ለአምስት ዓመት፣ የመኪና ኪራይ፣ የአማካሪ ክፍያ፣ የምርቃት ሥነ ሥርዓት። መምህሩ የት አሉ ብዬ ፈለግኩ። አሉ። የሦስት ቀን የውሎ አበል። ሦስት ቀን! ዕድሜ ልክ ተለቅሞ የተከማቸው ነገር በሦስት ቀን ቀረጻ ተወስዶ፣ አበል ተፈርሞበት፣ «ዲጂታል ሆኗል» ሊባል ነው። ተማሪ የሚል ቃል ሠንጠረዡ ውስጥ አንድም ቦታ የለም። ይኼን በስብሰባው ላይ ሳነሣ አንዱ ኃላፊ ፈገግ ብሎ «እሱ የእኛ ዘርፍ አይደለም፣ የበጎ አድራጎት ሥራ ነው» አለኝ።

የተማሪ ቁራሽ የበጎ አድራጎት ጉዳይ የሆነው ከመቼ ወዲህ ነው? የዜማ ተማሪ እንዴት እንደሚማር የምታውቁ ታውቃላችሁ። ማታ በጨለማ፣ መጽሐፍ በሌለበት፣ ከየኔታ አፍ በቃሉ ይቀበላል፤ ቀን በመጽሐፍ ያየዋል፤ በመሐል አኩፋዳውን አንጠልጥሎ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ከውሻ ጋር እየታገለ ደጅ ይጠናል። ሌሊት ያስቀመጠውን ቀን በረሃብ ይበትነዋል። ድጓ ብቻ ብዙ ዓመት ይፈጃል፤ ዝማሬ መዋሥዕት ዙር አምባ፣ ቅዳሴ ሌላ ቦታ፣ አቋቋም ጎንደር። በአቋቋሙ ደግሞ አንዱ ንባብ በቁም ዜማ ይባላል፣ በዝማሜ ይደገማል፣ በመረግድ ይመለሳል፣ በጽፋት ይፈጥናል፤ ከበሮው፣ ጸናጽሉ፣ እግሩ፣ ሁሉም ያንኑ ነገር ያጸኑታል። ይህ ሁሉ እህል ይፈልጋል። ልጁ አሥራ ስምንት ሲሞላው አዲስ አበባ ሎተሪ አዙሮ ወይም አሸዋ ተሸክሞ የሚያገኘው ይበልጥበታል፣ ይሄዳል። እሱ ሲሄድ የሚጠፋው ማሳየት የማይቻል ነገር ስለሆነ ማንም ሪፖርት አይጽፍበትም። ፎቶው ደግሞ ሰርቨሩ ላይ አለ።

ማንሣቱ ይቅር አላልኩም። እ.ኤ.አ. በ1973 የተጀመረው የኢትዮጵያ ብራናዎች ማይክሮፊልም ሥራ በሺዎች የሚቆጠሩ መጻሕፍትን ከጥፋት አትርፏል፤ ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ሚኒሶታ ተቀምጠው ለዓመታት ካታሎግ ያደረጉትን ሥራ የማያከብር ሰው የለም። ያ ሥራ ግን ብራና አነሣሁ አለ እንጂ ዜማ አዳንኩ አላለም። እኔ የምጠላው የስም ስርቆቱን ነው።

ዜማ ቤት ላይ ቀረጻ የምታደርጉ ከሆነ ደግሞ የተሳሳተውን ነገር አትቅረጹ። በዓል ላይ ያማረውን ወረብ ሁሉም ይቀርጸዋል። ማንም የማይቀርጸው እርማቱ ነው፤ ልጁ ሲስት የኔታ የት እንደሚያቆሙት፣ ከየት እንደሚያስጀምሩት፣ ሥረዩን እንዴት እንደሚያስታውሱት፣ በስንተኛው ቀን እንደተዉት። መዝገበ ቃላቱ የሚታየው እዚያ ነው። ይኼን ለመቅረጽ ሦስት ቀን አይበቃም፤ አንድ ልጅ ከመጀመሪያው እስኪያስመሰክር ድረስ መከተል ያስፈልጋል። ያን ያህል ጊዜ ደግሞ ልጁ መብላት አለበት፣ የኔታም ደመወዝ ሊኖራቸው ይገባል። እግረ መንገዳችሁን ዜማውን ራሱን ታቆዩታላችሁ ማለት ነው፤ ቀረጻው ባይሳካ እንኳ አንድ መሪጌታ ተርፏል።

ወቀሳው ለፕሮጀክት ሰዎች ብቻ አይደለም። በየከተማው ያሉ ሀብታም ደብሮች ስፒከር ሲገዙ፣ ሲለውጡ፣ ሲጨምሩ እናያለን፤ ምእመኑም ለስፒከር ሲባል እጁ ይፈታል። ከስፒከሩ የሚወጣው ድምፅ የተማረው ግን ገጠር ነው፤ ጋይንት፣ ጎንደር፣ ጎጃም፣ እንደ ካቺሲ ያለ ስሙ የማይጠራ ቦታ። አንድ የከተማ ደብር ለአንድ የገጠር ጉባኤ ቤት የዓመት ቀለብ ቢቆርጥ ማንን ማስፈቀድ እንዳለበት አላውቅም፤ ሒሳቡ ግን ከአንድ ጥንድ ስፒከር እንደማይበልጥ በየኔታ ፊት ተቀምጠን አስልተነዋል። ስድስት ተማሪ ነበር ያሏቸው። ጤፍ አይደለም የጠየቁት፤ በቆሎና ሽንብራ፣ ለመብራትም ትንሽ ጋዝ።